ጋሽ ጃል አልነሳም ያሉ ቀን

የጋሽ ጃልን ነገር ሰው ሲያወራው ይስቃል። ሽማግሌው ችሎት ውስጥ አልነሳም ብለው ታሰሩ ይላሉ፣ ይስቃሉ፣ እዚያው ላይ ያቆሙታል። ለምን እንዳልተነሱ፣ ከዚያስ ምን እንደ ሆነ አያወሩም። እኔ ጽሑፍ ብዙም አይሆንልኝም። ፊደል የቆጠርኩት ልጅ ከወለድኩ በኋላ ነው፤ ሰው ፊት ለመናገርም አንደበቴ ይተሳሰራል። ግን አጠገባቸው ነበርኩ። የማውቀውን እንደ ምንም ልጻፈው።

ኩርቶል የወረዳችን ዋና ከተማ ነበረች። ከተማ ስል እንዳትስቁ፤ አንድ መንገድ፣ ቸርች፣ ትምህርት ቤት፣ ጥቂት ሱቅ፣ ከዚያ የወረዳው ጽሕፈት ቤት። ጋሽ ጃል የጽሕፈት ቤቱ ዘበኛ፣ እኔ ደግሞ በሩ ላይ ሻይ ሻጭ። ወላጆቼ በሰፈራ ጊዜ ከወሎ መጥተው አቦቦ በኩል እስከ ዛሬ የሚያርሱ ናቸው። እኔ ባል ተከትዬ ኩርቶል ገባሁ፤ ባል ሄደ፣ እኔ ቀረሁ። ኑዌርኛ እሰማለሁ፣ ስናገረው ግን ልጆቹ ይስቁብኛል።

ጃል ማለት በኑዌርኛ መንገደኛ እንደ ማለት ነው ይላሉ። እናታቸው ከብት ተከትላ ስትሄድ መንገድ ላይ ነው የወለደቻቸው። አማርኛን ያገኙት ከወታደሮች ነው፣ ትንሽ ደግሞ ከጸሐፊዎቹ። ወንድና ሴት አይለዩም። እኔን «ሺታዬ፣ አንተ ሻይ አምጣ» ይሉኛል።

«ጋሽ ጃል፣ እኔ እኮ ሴት ነኝ» ስላቸው፣

«አውቃለሁ። ሻይህ ግን ወንድ ነው» ይላሉ። ሻዬ ይወፍራል ለማለት ነው።

የዘበኝነት ቃላቸው አንድ ነው፤ «ተነስ!» ናት። በሩ ላይ ባለጉዳይ ተኮልኩሎ ሲቀመጥ «ተነስ! ተነስ ከዚህ!» ነው። ፍየል አጥር ስትልስ «ተነስ!» ባጃጅ መግቢያውን ዘግቶ ሲቆም «ተነስ!» ለእሳቸው ተነስ ማለት ቦታውን ልቀቅ፣ ሂድ ማለት ነው። ቀጥ ብሎ መቆምን «ቁም» ነው የሚሉት፤ ወታደር ያስተማራቸው ቃል ነው። ይህቺን ልብ በሉልኝ።

ድሮ ጽሕፈት ቤቱ ማዶ ነበር። ማዶ የምንለው ከወንዙ ወዲያ ያለውን ሰፈር ነው። ወንዙን በበጋ ልጆች እየተራጩ ይሻገሩታል። ክረምት ሲገባ ግን ሜዳውን ሁሉ ይውጠውና የቱ ወንዝ የቱ መሬት እንደሆነ አይለይም። ያኔ ያለው ታንኳ ብቻ ነው። የጋሽ ጃል ሚስት ኛዋል ምጥ የያዛት በእንዲህ ያለ ክረምት ነው። የወረዳው መኪና ማዶ ነው የሚቆመው። ታንኳ ላይ አስተኟት፣ እሳቸው ቀዘፉ። እኔ ያኔ አልነበርኩም። አንድ ቀን ራሳቸው የነገሩኝ ይህን ብቻ ነው፤ «መሃል ላይ ዝም አለ» አሉኝ። ሚስታቸውን ማለታቸው ነው። ከዚያ ሻዩን ሳይጠጡ ብርጭቆውን መለሱልኝ። ትንሿ ልጃቸው ኛዳክ ከአክስቷ ጋር ወዲህ ዳር ላይ ሆና ታይ ነበር።

በኋላ ማዶን ጎርፍ መታውና ሹሞቹ ለጽሕፈት ቤቱ ደህና ቦታ ፍለጋ ኩርቶል መጡ። ከፍ ያለው መሬት የጋሽ ጃል ነበር። እዚያ ላይ ሉዋካቸው ቆሟል። ሉዋክ የከብት ቤት ነው፤ ክብና ትልቅ፣ ውስጡ ከአባት የመጣ የኩበት እሳት የሚጨስበት። ለኑዌር ሰው ሉዋክህን አፍርስ ማለት ምን እንደሆነ እኔ መናገር አልችልም፤ ብቻ እሳቸው አፈረሱት። በሽማግሌ ፊት «መሬቱን ውሰዱ። መኪናው ግን እዚህ ያድራል» አሉ። ሹሞቹም እሺ አሉ። ወረቀት የሚባል ነገር አልተጻፈም። በሬ ታርዶ ተበላ፤ በእነሱ ዘንድ ከዚያ በላይ ማሰሪያ የለም።

እንዲህ ሆኖ ቢሮው መጣ፣ አምቡላንስም መጣች። ጋሽ ጃል ነጯ ይሏታል፣ እንደ ላም። ከመንገድ ስትመለስ ጎማዋን በእግራቸው መታ መታ ያደርጋሉ። ሾፌሩ «ጋሽ ጃል፣ ወተት አላት?» ሲላቸው «ላንተ የላትም» ይሉታል።

ያለፈው ዓመት ጽሕፈት ቤቱ ወደ ማዶ ይመለሳል የሚል ውሳኔ ተሰማ። አዲሱ መንገድ በዚያ በኩል ስለሚያልፍ ነው ተባለ። ሌላም ይወራል፤ እኔ የሰማሁትን ሁሉ አልጽፍም። ሕዝቡ ዛፉ ስር ተሰበሰበ። ወጣቶቹ «አንነሳም! አንነሳም!» እያሉ ጮኹ። የሚነሳው ቢሮው ነው እንጂ እኛ አይደለንም፣ ግን እንደዚያ ነው የተጮኸው። ጋሽ ጃል አልጮኹም። ወንበራቸው ላይ ሆነው ቀስ ብለው ሳቁ።

«ሁልጊዜ እኔ ነኝ ተነስ የምል» አሉኝ። «ዛሬ ደግሞ ለእኔ ተነስ ሊሉ ነው።»

ከዚያ ሳቁን ተዉት። ኛዳክ አርግዛ ነበር። ባሏ ዊሊያም ኩሌ በሚባለው የስደተኞች ካምፕ ይሠራል፣ የሚመጣው አልፎ አልፎ ነው። ልጅቷ ያለችው አባቷ ዘንድ ነው። ጋሽ ጃል ወደ ወንዙ እያዩ «ክረምት ነው የሚወለድ» አሉ። ከዚያን ቀን ጀምሮ የቢሮው ነገር ለሌላው የመሬት፣ የገበያ፣ የክብር ጉዳይ ነበር፤ ለእሳቸው ግን ነጯ ከወንዙ ወዲህ ትደር ወይስ ወዲያ ብቻ ነበር።

ሰው ተሰባስቦ የሱፍ የሚባል ጠበቃ ከጋምቤላ ከተማ ቀጠረ። ክሱ ገባ። ፍርድ ቤቱ ጉዳዩ እስኪታይ ድረስ ቢሮው ካለበት እንዳይንቀሳቀስ እግድ ሰጠ። ኩርቶል ያን ቀን ከበሮ ተመታ። የቀረው ጋሽ ጃል ቀርበው መሬቱን ሲሰጡ ምን ብለው እንደሰጡ መናገር ነው። ያኔ ከነበሩት ሽማግሌዎች በሕይወት ያሉት እሳቸው ብቻ ናቸው፤ ሌሎቹ አልቀዋል።

በቀጠሮው ቀን በአይሱዙ ተጭነን ሄድን። ጋሽ ጃል ቸርች የሰጣቸውን ኮት ለብሰው፣ የዘበኝነት ቆባቸውን አድርገው ነበር። አቶ ሩዋይ የሚባሉ ጓደኛቸው ቀልደኛ ናቸው፤ መንገዱን ሙሉ አላስቀመጧቸውም።

«ጃል፣ ለምዶብህ ዳኛውንም ተነስ ከዚህ እንዳትለው!»

መኪናው በሙሉ ሳቀ።

«እሱ ካላለኝ አልለውም» አሉ ጋሽ ጃል።

ችሎቱ ሙቀት ነበር። ጋሽ ጃል ከየሱፍ ጋር ፊት አግዳሚ ላይ ተቀመጡ፣ እነ አቶ ሩዋይ ከኋላቸው፣ እኔ በሩ ጋ ከሰው ኋላ። አስተርጓሚው ገና አልደረሰም። ከዚያ የጎን በር ተከፈተና ሥነ ሥርዓት አስከባሪው፣

«ተነሱ!» አለ።

ሰው ሁሉ ብድግ አለ። ፊት ለፊቴ የቆመው ሰው ስለጋረደኝ ምንም አላየሁም። ድምፅ ብቻ ነው የምሰማው።

«አባት፣ ተነሱ» አለ አስከባሪው እንደገና።

«አልነሳም።»

የጋሽ ጃል ድምፅ ነው። የሱፍ ሹክ ሲላቸው ይሰማል፤ «አባባ፣ ይነሱ እንጂ፣ ዳኛው ናቸው።»

«አንተም?» አሉት። «አንተም ተነስ ትላለህ? እኔ የኛ ሰው መስለኸኝ!»

በእግሬ ጣት ቆሜ አየኋቸው። ቆባቸውን ጉልበታቸው ላይ አድርገው፣ አግዳሚውን በሁለት እጃቸው ይዘው ተቀምጠዋል። ዳኛው ክፉ ሰው አልመሰለኝም። ረጋ ብሎ ነው የጠየቃቸው።

«አባት፣ ያምዎታል?»

«አያመኝም። ደህና ነኝ።»

«ታዲያ ለምን አይነሱም?»

«አልነሳም። በሬ ታርዷል።»

አንዳንዱ ሳቀ። ዳኛው ስለ የቱ በሬ እንደሆነ ከየት ይወቅ! ይሄኔ አቶ ሩዋይ ክርክሩ የተጀመረ መሰላቸው። ከኋላ ሆነው «አንነሳም!» ብለው ጮኹና ዱብ ብለው ተቀመጡ። እሳቸውን አይቶ የኩርቶል ሰው በሙሉ «አንነሳም!» እያለ ተቀመጠ። አግዳሚዎቹ ተንጓጉ። ቆመን የቀረነው እኔና የሌላ ጉዳይ ሰዎች ብቻ ሆንን።

የዳኛው ፊት ተለወጠ።

«ይህ ችሎት ነው» አለ። «የስብሰባ ሜዳ አይደለም።»

ጋሽ ጃል ችሎት በመድፈር ለጥቂት ቀን እንዲታሰሩ አዘዘ። ፖሊሶቹ በብብታቸው ገብተው ሲያነሷቸው አግዳሚውን አልለቅ አሉ፤ አግዳሚው አብሯቸው ተነሳ። ያን ጊዜ ነው ነገሩ የገባኝ። ሰው እየገፋሁ የሱፍ ጋ ሄጄ፣ እየተንተባተብኩም ቢሆን፣ «ቁሙ መሆኑን አላወቁም፤ ለእሳቸው ተነሱ ማለት ልቀቁ ሂዱ ነው» አልኩት። እጁን ራሱ ላይ አደረገ። ለዳኛው ነገረላቸው። ዳኛውም ሰማው፣ ምክንያቱ በጽሑፍ ይቅረብና አየዋለሁ አለ። ነገር ግን መዝገቡ ተከፍቶ ነበር፤ የዚያኛው ወገን ጠበቃ ቆሞ «ፍርድ ቤት የማያከብር ሕዝብ በፍርድ ቤት እግድ ሊጠቀም አይገባውም» እያለ ነበር። ዳኛው የሱፍን፣ መሬቱ በዚህ ቃል ነው የተሰጠው የሚል ምስክር አለህ ወይ አለው። ምስክሩ አሁን ወጡ አለ የሱፍ።

እግዱ ተነሳ።

ውጭ ግቢው ውስጥ አቶ ሩዋይ የሱፍን ይዘው «ምንድን ነው የተነሳው?» ይላሉ።

«እግዱ።»

«እኛ አልተነሳንም እኮ! ተቀምጠናል!»

የሱፍ ቀስ ብሎ አስረዳቸው። ተነሱ ያሏችሁ ለአክብሮት ቁሙ ለማለት ነው አለ፤ እግዱ ተነሳ ማለት ደግሞ ክልከላው ቀረ፣ ቢሮውን መውሰድ ይችላሉ ማለት ነው አለ። አቶ ሩዋይ መጀመሪያ በሳቅ ፈነዱ። ከዚያ ሳቃቸው መሃል ላይ ቆመ። ስንመለስ በአይሱዙው ላይ የቀለደ ሰው አልነበረም።

ጋሽ ጃል ሳይፈቱ የጭነት መኪኖች መጡ። ጠረጴዛ፣ ወንበር፣ መደርደሪያ፣ የባንዲራው እንጨት ሳይቀር ተጫነ። ወንዙ ገና አልሞላም ነበር። ነጯ መጨረሻ ሄደች። ውኃው ጎማዋ ግማሽ ድረስ ሲመጣ ሾፌሩ ትንሽ አመነታ፤ ከዚያ ነዳና ወዲያ ወጣች።

ጋሽ ጃል ሲመለሱ ወንበራቸውን አውጥተው በሩ ላይ ተቀመጡ። ግቢው ባዶ ነው። ፍየሎቹ ገብተው አጥሩን ይልሳሉ፣ እሳቸው ዝም ይላሉ። ሻይ ወስጄ አጠገባቸው ቁጢጥ አልኩና የቃሉን ነገር ነገርኳቸው፤ ግማሹን በአማርኛ፣ ግማሹን በተሰባበረ ኑዌርኛዬ።

«ለክብር ነው ያሉኝ?»

«አዎ፣ ለክብር ነው ጋሽ ጃል።»

«ቁም አይሉም?»

«ፍርድ ቤት ተነሱ ነው የሚባለው።»

«እኔን ወታደር ነው ያስተማረኝ» አሉ።

በሚቀጥለው ቀጠሮ ጽሕፈት ቤቱ ቦታ ስለለቀቀ ክርክሩ ፋይዳ የለውም ተብሎ መዝገቡ ተዘጋ። የሱፍ እስከ ኩርቶል ድረስ መጥቶ ይግባኝ እንላለን አለ። ጥሩ ልጅ ነው፣ ፊቱ ከስቷል። ሰው ሁሉ ብዙ ጠየቀው። ጋሽ ጃል አንድ ነገር ብቻ ጠየቁት።

«ይግባኝ ከዝናብ በፊት ይደርሳል?»



ከዚያ በኋላ ጋሽ ጃል ኛዳክን ይዘው፣ ወንዙ ሳይሞላ፣ ማዶ ለመሻገር ወሰኑ። እዚያ ጎጆ ተከራይቶ ነጯ አጠገብ መጠበቅ ነው ሐሳባቸው። የኩርቶል ሰው ተቀየማቸው። ክሱ በይግባኝ ላይ እያለ እሳቸው ወደ ማዶ ከሄዱ ነገሩ ያበቃለታል አሉ። አቶ ሩዋይ፣ ሊያሾፉባቸው በአማርኛ፣ መንገድ ላይ ሰው ሰብስበው፣

«አልነሳም ያልከው አንተ! ከሁሉ ቀድመህ ተነሳህ!» አሏቸው።

ጋሽ ጃል ምንጣፋቸውን ትከሻቸው ላይ እንዳደረጉ ቆሙ። ብዙ የሚሉት ያላቸው መሰለኝ። ግን በአማርኛ ለዚያ የሚሆን ቃል የላቸውም፣ በኑዌርኛ ደግሞ ሊመልሱላቸው አልፈለጉም። ወደ እኔ ዞረው፣

«ሺታዬ፣ ተነሳን» ብቻ አሉኝ። ኛዳክ ሆዷን ይዛ ከኋላቸው ትሄድ ነበር።

እኔም ብዙ አልቆየሁም፤ ሻይ የሚጠጣው ቢሮ ነው፣ ምን ላድርግ። ማዶ ስደርስ ጋሽ ጃል ከአዲሱ በር ፊት ለፊት መሬት ላይ ተቀምጠው አገኘኋቸው። ውለው የሚያድሩት አምቡላንሷን በሚያዩበት ቦታ ነው። እሳቸው ሲታሰሩ በቦታቸው የተቀጠረው አዲሱ ዘበኛ ማቻር የሚባል ጎረምሳ ነው፣ አያውቃቸውም። መጣና፣

«አባት፣ ተነሱ ከዚህ፣ በር ነው» አላቸው።

ጋሽ ጃል ተነሱ። ቆባቸውን አወለቁ፣ እጃቸውን ወደ ታች ዘርግተው ቀጥ ብለው ቆሙ።

«ሂዱ ማለቴ ነው!» አለ ማቻር። እሳቸው ግን አልተንቀሳቀሱም። ባለጉዳዮቹ ሳቁ። እኔ ሄጄ ማቻርን ተዋቸው፣ ከኔ ጋር ናቸው አልኩት፤ ከዚያ በኋላ ከሻይዬ አጠገብ ይቀመጡ ነበር። «ተነሱ» በተባለ ቁጥር ግን፣ ለማንም ይባል ለማን፣ ይቆማሉ።

ዝናቡ መጣ። ወንዙ ሜዳውን ዋጠ። የኩርቶል ጣሪያዎች ከውኃው ወዲያ ትንንሽ ሆነው ይታያሉ። ጋሽ ጃል እያዩ «እኛ ወዲህ ነን» ይላሉ፣ ለራሳቸው። ደስ ያላቸው የሚመስሉት ያን ሲሉ ብቻ ነው።

ኛዳክ ምጥ የያዛት ጠዋት ላይ ነው። ማዶ ጤና ኬላ አለ፤ ነርሷ ሚስኪ አየቻትና ይሄ እዚህ የሚሆን አይደለም፣ ጋምቤላ ሆስፒታል ትሂድ አለች። ጋሽ ጃል ወደ በሩ ሮጡ። ሲሮጡ አይቼ አላውቅም ነበር። እኔም ተከተልኩ። ነጯ ከቆመችበት ቦታ ላይ የለችም፤ የጎማዋ ውኃ ያዘለ ፈለግ ብቻ ነው ያለው።

«ስብሰባ አለ» አለ ማቻር። «እንግዶቹን ለመቀበል ኤርፖርት ሄዳለች።»

ጋሽ ጃል አልተሳደቡም። ፈለጉን አዩት። ከዚያ ወደ ወንዙ አዩ፣ ከዚያ እንደገና ፈለጉን። ሌላ መኪና ፍለጋ ማቻር ራሱ እየሮጠ ሄደ፣ አላገኘም። ሚስኪ የምትችለውን አደረገች። ኛዳክ ተረፈች። ልጁ ወንድ ነበር፤ አልጮኸም።

ከሰዓት በኋላ ነጯ መጣች። ማቻር በሩ ላይ ያለውን ሰው «ተነሱ፣ ተነሱ፣ መኪና ይግባ» አለ፤ ድምፁ ቀጥኗል። ጋሽ ጃል ቆባቸውን አውልቀው ቆሙ። እንግዶቹ ቦርሳቸውን ይዘው ሲወርዱ አንዱ ለእሱ የቆሙለት መስሎት ራሱን ዝቅ አድርጎ እጅ ነሳቸው። እሳቸው አላዩትም። ወደ አምቡላንሷ ተጠጉና ጎማዋን በእግራቸው መታ መታ አደረጉ። ሾፌሩ መስኮቱን ከፈተ፣ አያቸው፣ መልሶ ዘጋው።

የሱፍ የመጣው ከዚያ በኋላ፣ ውኃው መጉደል ሲጀምር ነው። ደስ ብሎት ነበር፣ ያልሰማ ሰው ነው።

«አባባ፣ ይግባኙ ተቀባይነት አገኘ! ቀጠሮ ተሰጠን። አሁን እርስዎ መጥተው ቃልዎን ይሰጣሉ። ቢሮው ሊመለስ ይችላል።»

ጋሽ ጃል ቆመው ሰሙት። እኔ ለየሱፍ በዓይኔ ምልክት ሰጠሁት፣ አልገባውም። አግዳሚዬን ሳብ አድርጎ፣

«ይቀመጡ እንጂ አባባ፣ ይቀመጡና እናውራ» አላቸው።

«አልቀመጥም» አሉ።

የሱፍ ወደ እኔ ዞረ። እንደዚያኛው ጊዜ የማስረዳው መሰለው። መቀመጥ መኖርም ነው፣ እኛ አገር። አግዳሚው ላይ አልቀመጥም ይሁን፣ ማዶ አልቀመጥም ይሁን፣ እኔ አልጠየቅኳቸውም። ቆባቸውን በእጃቸው ይዘው እንደ ቆሙ ናቸው። የሱፍም የያዘውን አግዳሚ ቀስ አድርጎ መለሰና አብሯቸው ቆመ።